ያልተነገራት ሹመት

ኃይል ተቋርጦ በተመለሰ ማግስት፣ የድሬዳዋ የባቡር መቆጣጠሪያ ሕንፃ ሠራተኛውን ሁሉ በድሮ ማዕረጉ መጥራት ጀመረ።

በሌላው ቀን ቢሆን በሩም፣ አሳንሰሩም፣ የምግብ አዳራሹ ወንበርም ሳይቀር ሰውን የሚቀበሉት በዛሬ ደረጃው ነው። ለረዳት በሩ ዘግየት ብሎ ይከፈታል፤ ለዋና ገና ከሩቅ ሲታይ። ይህን እንደ ነውር የሚቆጥረው ሰው የለም፤ ተለምዷል። የዚያን ዕለት ንጋት ግን የሕንፃው ትዝታ ከሩብ ምዕተ ዓመት በላይ ወደ ኋላ ተንሸራቶ አደረ። ዋና ሥራ አስኪያጁ አቶ ታምራት ከአጃቢዎቻቸው ጋር ሲገቡ፣ "ተለማማጅ ታምራት፣ እባክህ አለቃህ እስኪመጣ እዚሁ ቁም" ተባሉና በሩ ፊታቸው ላይ ድርግም አለ። ኮሪደር ሙሉ ሰው ሆዱን ይዞ ሳቀ።

ረምላ አብዶሽም እየሳቀች ነበር አሳንሰሩ ውስጥ የገባችው። የሥራ ዘመኗን ሙሉ ረዳት ተቆጣጣሪ ሆና ስለኖረች፣ ሕንፃው የፈለገውን ያህል ወደ ኋላ ቢመለስ ለእሷ ሌላ ስም እንደማያገኝ ታውቃለች።

"ዋና ተቆጣጣሪ ረምላ አብዶሽ" አላት አሳንሰሩ፣ "ለሹመትዎ እንኳን ደስ አለዎት።"

ሳቋ ከንፈሯ ላይ ደረቀ።

"ማንን ነው?" አለች፣ ከኋላዋ ሰው ያለ መስሏት ዞር ብላ። ማንም የለም። አሳንሰሩ ያንኑ ቃል በያኔው የደስ ደስ ባለው ድምፁ ደገመላትና ፎቋ ላይ አደረሳት።

ረፋዱ ላይ ባለሙያዎች መጥተው ብልሽቱን አስተካከሉ። ረምላ ወደ አሳንሰሩ ተመልሳ ገባች። "ቅድም ያልከኝን ድገምልኝ እስቲ። መቼ ነው የተሾምኩት?" አለችው።

"ረዳት ተቆጣጣሪ ረምላ፣ ይህን ለመጠየቅ ደረጃዎ አይፈቅድም።"

አይፈቅድም ይበላት እንጂ ልቧ አውቆታል። ታምራት ተለማማጅ በነበረበት ዘመን እሷ የት እንደነበረች አልጠፋትም። ቤቷ ነበረች፤ አራስ።

የመቆጣጠሪያው ክፍል ሥራ እንዲህ ነው። ከደወሌ እስከ ሚኤሶ ያለው ሐዲድ ግድግዳው ላይ ይታያል። ባቡሮቹ ሾፌር የላቸውም፤ የሚታዘዙት ለሰው ድምፅ ነው፤ ያውም ለዋና ተቆጣጣሪ ድምፅ ብቻ። ረዳቱ አይቶ፣ አስቦ፣ ለዋናው ይነግራል፤ ዋናው ይደግማል። ረምላ "አዲጋላ ያለውን አቁመው" ትላለች፤ አጠገቧ የሚቀመጠው ያፌት ወርዶፋ "አዲጋላ ያለው ይቁም" ይላል፤ ባቡሩ ይቆማል። ያፌት ሽንት ቤት ከሄደ እጇን ጭኗ ላይ አጣጥፋ ትጠብቀዋለች። አንድ ጊዜ ያፌት ጉንፋን ይዞት ድምፁ ተዘጋና መስመሩ በሙሉ እስኪሻለው ተገትሮ ዋለ። ያን ቀን ረምላ ጤነኛ ጉሮሮዋን ይዛ አጠገቡ ተቀምጣ ነበር።

ያፌት ክፉ ሰው አይደለም። ከረምላ ጋር በአንድ ቀን ነው የተቀጠሩት። ቤቱ ገብቶ ሚስቱ ምን እንደሚበላ ስትጠይቀው እንኳ መጀመሪያ ወደ ቀኙ ይዞራል እያሉ ይቀልዱበታል፤ በቀኙ የምትቀመጠው ረምላ ናትና።

ለሹመት ሰው የሚመርጠው ሚዛን የሚባለው ሥርዓት ነው፤ የሚያጸድቀው ደግሞ የጊዜው ኃላፊ። የተሾመ ይነገረዋል፤ ያልተሾመ አይነገረውም። ልቡ እንዳይሰበር ተብሎ የወጣ መመሪያ አለ፤ ስሙም የርኅራኄ መመሪያ ይባላል። የወጣ ሰሞን ሰዉ አጨብጭቦለታል። መታለፉን ያላወቀ ሰው አይከፋውም፤ ያልከፋው አይጠይቅም፤ ሰው ካልጠየቀ ደግሞ ቢሮው ሰላም ነው። ረምላም ጠይቃ አታውቅም ነበር።

የቀትሩ ጡሩምባ ሲነፋ የከተማው በር ሁሉ ይቆለፋል። ሙቀቱ ሰው መግደል ከጀመረ ወዲህ ከቀትር እስከ አሥር ሰዓት ድረስ መንገድ ላይ የሚገኝ የለም። ረምላና ልጇ ኢልሃም ምሳቸውን የሚበሉት በዚህ የቁልፍ ሰዓት ነው። ኢልሃም ጠበቃ ናት። መጋላ ገበያ ውስጥ ጠባብ ክፍል ተከራይታ የጥላ ክርክር ትይዛለች፤ "ጎረቤቴ ጣሪያውን ዝቅ አድርጎ ጥላዬን ወሰደብኝ" የሚል ሰው በድሬዳዋ አይጠፋም።

"እማ፣ ምን ሆነሻል? ሩዙን አልነካሽውም እኮ።"

"ምንም። አሳንሰሩ አበደና ሲያስቀን ዋለ።"

"ሲያስቃችሁ ነው እንዲህ የሆንሽው?"

ረምላ ነገረቻት። ኢልሃም ማንኪያዋን አስቀመጠችና፣ "እንከሳለን" አለች።

"አቦ ተይኝ ኢሉ! ማንን ነው የምንከሰው? አሳንሰሩን?"

"ድርጅቱን።"

"ልጄ፣ ስንት ዘመን አለፈው! የፈሰሰ ውኃ አይታፈስም።"

"ውኃው ሲፈስ አሳይተውሽ ነበር?"

ረምላ ግን እንቢ አለች። ነገሩ ቢቆፈር መጨረሻው ልጇ ላይ እንደሚወድቅ ታውቃለች። "አንቺን በመውለዴ ቀረብኝ" የሚል ቃል ከእሷ አፍ ባይወጣም ከሌላ አፍ ወጥቶ ኢልሃም ጆሮ እንዲገባ አልፈለገችም። ከዚያ ሁሉ ይልቅ ዝም ብሎ ጡረታ መውጣት ይሻላል።

ችግሩ ጡረታውም ቅርብ ነበር። ረዳት ስድሳ ዓመት ሲሞላው ይሰናበታል፤ ዋና ግን ጤናው እስከፈቀደለት ይሠራል። ረምላ ስድሳኛዋን የምትደፍነው በመጪው መስከረም ነው። ከዚያ ሳምንት ጀምሮ በሩ በየማለዳው አንድ ነገር ይላት ጀመር።

"ረዳት ተቆጣጣሪ ረምላ፣ የመሰናበቻ ቀንዎ እየተቃረበ ነው። እባክዎ የሚሸኙበትን ዜማ ይምረጡ።"

አልፋው ትገባለች። በማግስቱ ይደግምላታል። አንድ ቀን፣ "ዜማ ስላልመረጡ ሕንፃው መርጦልዎታል" አለና አስደመጣት። የልጆች ማስተኛ የሚመስል፣ ስልል ያለ ዜማ ነበር። ረምላ በሩ ላይ ቆማ እስከ መጨረሻው ሰማችው። ያን ያህል ዘመን ባቡር ያሳለፈች ሴት በዚህ እሹሩሩ ልትሸኝ ነው። ደሟ ፈላ። ወደ ሥራ ክፍሏ ሳትገባ ወደ ልጇ ወደ መጋላ ሄደች።

"ክሰሺልኝ" አለቻት ኢልሃምን፣ ገና በሩን ሳትዘጋ።

ክሱ መጀመሪያ የቀረበው ለፈጣን ችሎት ነው። ፈጣን ችሎት ዳኛ የለውም፤ እንደ መጠበቂያ ዳስ ያለች ክፍል ናት። ረምላ ገብታ ስሟን ተናግራ፣ "በሚገባኝ ጊዜ ያልተሰጠኝ ማዕረግ ከዚያው ጊዜ ጀምሮ ይታሰብልኝ" ብላ ገና ትንፋሿን ሳትስብ መልሱ መጣ።

"ሹመትን የሚመለከት ቅሬታ ውሳኔው በተሰጠ በአንድ ወር ውስጥ መቅረብ ነበረበት። ጥያቄዎ በይርጋ ታግዷል። መልካም ቀን።"

አብዛኛው ሰው እዚህ ላይ ነው የሚያበቃው። ከፈጣን ችሎት በኋላ የሰው ችሎት እንዳለ፣ ሦስት ዳኞች በአካል ተሰይመው የሚሰሙበት አዳራሽ እንዳልተዘጋ የሚያስታውስ ጥቂት ነው። ኢልሃም ግን በጥላ ክርክር ሁለት ጊዜ ገብታበታለች። ይግባኙን ስታስገባ የችሎቱ ጸሐፊ ደስ ብሎት የወንበሮቹን አቧራ ሊያራግፍ ተነሳ።

ወሬው ድርጅቱ ጋ ሲደርስ አቶ ታምራት ረምላን አስጠሯት። ቢሯቸው ሰፊ ነው፤ የምትቀመጥበት ወንበር ግን ደረጃዋን አውቆ ዝቅ አለ።

"ወይዘሮ ረምላ፣ እንደ ቤተሰብ ነው የማይዎት። ለምን ወደ ፍርድ ቤት? ተነጋግረን የክብር ዋና ተቆጣጣሪ እናደርግዎታለን። በሩ፣ አሳንሰሩ፣ ሁሉም ዋና እያለ ይጠራዎታል። በክብር ይሸኛሉ።"

"ድምፄንስ ባቡሩ ይሰማዋል?"

"የክብር ነው አልኩዎት እኮ። ድምፅ የለውም።"

ረምላ ከዝቅተኛው ወንበር ተነሳች። "አቶ ታምራት፣ አሳንሰር እንዲያሞግሰኝ አይደለም የከሰስኩት። ሥራዬን ነው የምፈልገው" ብላ ወጣች።

የችሎቱ ቀን አዳራሹ ከአፍ እስከ ገደፉ ሞላ። የባቡሩ ሠራተኛ ሁሉ ከየፈረቃው ፈቃድ ጠይቆ መጥቶ ነበር። መሐል ዳኛዋ ሶስና ኤርሚያስ ይባላሉ፤ ሽበታቸውን ወደ ኋላ የጎነጎኑ፣ ሲሰሙ ዓይናቸውን የሚጨፍኑ ሴት ናቸው። የድርጅቱ ጠበቃ አቶ ልዑል ደግሞ ንግግሩ የተመጠነ፣ ድምፁ ለስላሳ ወጣት ነው።

"ክቡራን ዳኞች" አለ ልዑል፣ "ሕግ ለተኛ ሰው አይቆምም። ከሳሽ አንድ ወር ተሰጥቷቸው ሃያ ስድስት ዓመት ተኝተዋል። በዚያ ሁሉ ጊዜ አጠገባቸው ሌላ ሰው ዋና ሆኖ ሲሠራ እያዩ 'እኔስ?' ብለው አልጠየቁም። አሁን ሥራቸው ሲያበቃ የጸናውን ነገር ሁሉ እናናውጠው ይላሉ። አቶ ያፌት በዚህ ማዕረግ ኖረዋል፣ ልጆች አሳድገዋል። የእሳቸውስ መብት ወዴት ይሂድ?"

ከአዳራሹ አንዳንዱ ራሱን ነቀነቀ። ነገሩ ውኃ የሚያነሳ ነበር።

ኢልሃም ተነሳች። ድምጿ መጀመሪያ ላይ ቀጥኖ ነበር። "ክቡራን ዳኞች፣ የተከሳሽ ጠበቃ ሰው ሳይጠሩ 'አቤት አላለችም' ብለው ይወቅሳሉ። እናቴ አልተኛችም። በየማለዳው ከሁሉም ቀድማ እዚያ ክፍል ትገባ ነበር። ይርጋ የሚያግደው አውቆ ዝም ያለን ሰው ነው። ያላወቀውን እንዴት ያግደዋል? እናቴ ያወቀችው አሳንሰሩ የነገራት ዕለት ነው፤ ከዚያች ዕለት ወር ሳይሞላ ከሳለች። መረጣት ወይ፣ ነገራት ወይ፣ ለምን ተሻረ፣ ይኸው ሚዛን ራሱ ይጠየቅ።"

የሰው ችሎት የትኛውንም ሥርዓት አስቀርቦ የመጠየቅ ሥልጣን አለው። ዳኛ ሶስና ዓይናቸውን ገለጡ።

"ሚዛን፣ ከሳሽን ለዋና ተቆጣጣሪነት መርጠሃል?"

"መርጫለሁ" አለ ከጣሪያው የመጣው ድምፅ። "አንደኛ ነበሩ። ሹመቱ በዚያው ቀን ተመዝግቧል።"

"ለምን ተሻረ?"

"የጊዜው ኃላፊ በማግስቱ ሽረውታል። ምክንያት፤ ተመራጯ በወሊድ ፈቃድ ላይ ናት፤ ጨቅላ የያዘች ሴት ለኃላፊነት አትመችም፤ ተከታዩ ይሾም።"

"ለተመራጯ ተነገራት?"

"አልተነገራትም። በርኅራኄ መመሪያ መሠረት።"

በአዳራሹ እንደ ንብ ትምም ያለ ማጉረምረም ተነሳ። ረምላ ዓይኗን ጨፍና ነበር። ስትፈራው የኖረችው ቃል በመቶ ሰው ፊት ወጣ። ልጇን ለማየት አቅም አጣች። የኢልሃም እጅ ትከሻዋ ላይ ሲያርፍ ተሰማት።

"እማ፣ ቀና በይ" አለቻት በሹክሹክታ። "እኔ የገባኝ ያን ቀን ነው፣ ምሳ ላይ። ዕድሜዬን መቁጠር የማልችል መሰለሽ?"

"ታዲያ ለምን ሳትነግሪኝ ቀረሽ?"

"እንዳይከፋሽ ብዬ ነዋ።"

እናትና ልጅ ተያዩ። እነሱም ለካ እርስ በርስ የርኅራኄ መመሪያ አውጥተው ነው የከረሙት። ረምላ ሳቋ አመለጣት፤ እንባዋም አብሮ። ከዚያ በኋላ የሚያስፈራት ነገር አልቀረም።

ልዑል የቀረውን ጥይቱን ተኮሰ፤ ያፌትን ለምስክርነት ጠራ። ያፌት ኮቱን እየቆለፈ መጥቶ ቆመ።

"ከሳሽ ቢረቱ ማዕረግዎ አደጋ ላይ ሊወድቅ እንደሚችል ያውቃሉ?"

"አውቃለሁ።"

"ስለዚህ ምን ይላሉ?"

ያፌት እንደ ልማዱ ወደ ቀኙ ዞረ። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ዳኛዋ ሳይቀሩ ከንፈራቸውን ነከሱ። ረምላ ከተቀመጠችበት ራሷን ነቀነቀችለት። "ዛሬስ የራስህን ተናገር" አለችው።

ያፌት ላቡን ጠረገ። "ክቡራን ዳኞች፣ እኔ የሰው ቦታ አልሰረቅሁም። ተጠራሁ፣ መጣሁ። የቀደመችኝ ሰው እንዳለች የነገረኝ የለም። ግን..." ጉሮሮውን ጠረገ። "ግን ባቡሩ የሚሰማው ጉሮሮዬን ነው እንጂ ሐሳቡ ግማሹ የሷ እንደሆነ ክፍሉ ያውቃል። ሚስቴም ታውቃለች። ማዕረጌን ብትወስዱብኝ ይከፋኛል፤ አልዋሽም። ቢሆንም እሷ ይቅርባት ብዬ እንድመሰክር አትጠይቁኝ። እሱን አልችልም።"

ልዑል ሌላ ጥያቄ አልጠየቀም። ዳኞቹ ወደ ጓዳ ገብተው ብዙ ቆዩ። ሲወጡ የቀትሩ ጡሩምባ ሊነፋ ጥቂት ቀርቶት ነበር፤ ሰው ግን ከቦታው ንቅንቅ አላለም።

ዳኛ ሶስና ቆመው ተናገሩ። "ይርጋ የሚቆጠረው ሰው መብቱ መነካቱን ካወቀበት፣ ወይም ሊያውቅ ከሚችልበት ቀን አንስቶ ነው። በሩን ከውጭ ቆልፎ 'ለምን አልወጣህም?' ማለት አይቻልም። ልብ እንዳይሰበር ተብሎ የተደበቀ ውሳኔ መብት ሊሰብር አይገባም። ስለዚህ ከሳሽ ወይዘሮ ረምላ አብዶሽ ከተመረጡበት ቀን ጀምሮ ዋና ተቆጣጣሪ ነበሩ፤ ናቸውም። የአቶ ያፌት ማዕረግ አይነካም፤ ተጠርቶ የመጣ ሰው በመምጣቱ አይቀጣም። የርኅራኄ መመሪያው ከዛሬ ጀምሮ ተሽሯል። ማንም ሠራተኛ ስለ ራሱ የተወሰነውን ከጠየቀ ሥርዓቱ ይመልስለት።"

የመጀመሪያዋን እልልታ ያወጣችው ከወደ ኋላ የተቀመጠች የምግብ አዳራሽ ሠራተኛ ነበረች። ከዚያ ማን ይችለዋል! ጡሩምባው ተነፋ፣ በሮቹ ተቆለፉ፣ ግን ጡሩምባውን የሰማው የለም። የረታውም የተረታውም እስከ አሥር ሰዓት አንድ አዳራሽ ውስጥ ተቆልፈው ሊውሉ ሆነ። ሴቶቹ ረምላን መሐል አድርገው ጨፈሩ። የችሎቱ ጸሐፊ ያለውን ውኃ ሁሉ አወጣ። ልዑል ጥግ ይዞ ሲያይ ቆይቶ ወደ ኢልሃም መጣና፣ "'አቤት አላለችም' ያልሽው ገደለኝ" አላት፤ ውኃውን ተካፈሉ። ያፌት ረምላ ፊት መጥቶ ቆመ።

"አንተ ወፍራም" አለችው እየሳቀች፣ "ነገ እንዳታረፍድ። የምትደግምልኝ ነገር ባይኖርም የሚያወራኝ ሰው እፈልጋለሁ።"

በማግስቱ ንጋት ላይ ረምላ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች። ሥርዓቱ ድምጿን ተቀበለ። ከደወሌ የተነሳ ረጅም የጨው ባቡር ሽንሌ ላይ ቆሞ መንገድ ይጠብቅ ነበር። ክፍሉ በሙሉ ወደ እሷ ዞረ። ረምላ ወደ ግድግዳው ቀና አለች።

"ሽንሌ ያለው ይለፍ።"

ግድግዳው ላይ ያለችው ብርሃን ትንሽ ቆማ ተንቀሳቀሰች። ረምላ ባቡሩ ከተማዋን አልፎ ወደ ሚኤሶ እስኪያቀና ዓይኗን ሳትነቅል ተከተለችው። የተሰማት ነገር ደስታ ብቻ አልነበረም፤ ከረጅም ዝምታ በኋላ የራሷን ስም ጮክ ብላ የተናገረች ያህል ነበር።

በእረፍቷ ሰዓት በሩን ስትከፍት ኮሪደሩ በሰው ተሞልቶ አገኘችው። የሐዲድ ጠጋኝ አለ፣ ሒሳብ ሠራተኛ አለ፣ ከሌላ መሥሪያ ቤት ተነስቶ የመጣም አለ። ሰልፉ ደረጃውን ወርዶ እስከ ውጭ ደርሷል። ኢልሃም መሐል ቆማ አንድ በአንድ እያነጋገረች ነበር፤ እናቷን ስታይ በዓይኗ ወደ ሰልፉ መጀመሪያ ጠቆመቻት። እዚያ ትናንት እልልታውን የጀመረችው የምግብ አዳራሽ ሠራተኛ ሰሚራ ቆማለች። መጠየቅ ፈልጋ ፈርታለች።

"ጠይቂው" አለቻት ረምላ። "አሁን መመለስ አለበት።"

ሰሚራ ሻሿን አስተካከለች፤ ወደ ጣሪያው ቀና አለች።

"ሚዛን" አለች፣ "ስለ እኔ ምን ተወስኖ ነበር?"

ሕንፃው መልስ መስጠት ጀመረ።